ፍየል ጭኖ ሳላ ፍለጋ

ፍየል የሚገዛው ሲመለሱ ነው። ይህን የማያውቅ የአዲስ አበባ ሰው ያለ አይመስለኝም። የሞጆ ሽንኩርትም፣ የመተሐራ ከሰልም፣ የመንገድ ዳር ፍየልም የሚገዛው የመኪናው አፍንጫ ወደ ቤት ከዞረ በኋላ ነው። ሕፃን ልጅ እንኳ ያውቀዋል። እኔ ፀጉሬ የነጣው ሰውዬ ግን ስንሄድ ገዛሁ።

ነገሩ የመጣው ከብልጠት ብዛት ነው። የሞኝ ስሕተት ትንሽ ናት፤ «ብልጥ ነኝ» የሚል ሰው ስሕተት ግን ቀንድና ጢም ታበቅላለች።

ወለንጪቲን አለፍ ብለን ሻይ ልንጠጣ ስንወርድ አንድ ሰው ፍየሎቹን ይዞ መንገድ ዳር ቆሟል። ፋሲካ እየደረሰ ነበር። ወዲያው በልቤ አሰላሁት። ማታ ስንመለስ መንገዱ በአዲስ አበባ መኪና ይሞላል፣ ሁሉም «ፍየል! ፍየል!» ይላል፣ ዋጋው ሰማይ ይነካል። ጧት ግን ነጋዴ የመጀመሪያ ገበያውን አይመልስም። ሰውዬው ብዙም ሳይከራከር «ውሰዳት» ሲለኝ መጠርጠር ነበረብኝ።

«ወዴት ናችሁ አባቴ?» አለኝ ገመዷን እያቀበለኝ።

«አዋሽ ፓርክ። አራዊት ልንጎበኝ።»

ፍየሏን አየ። እኔን አየ። ከዚያ ሐሳቤን ሳልቀይር ገንዘቡን ፈጥኖ ኪሱ ከተተ።

ሾፌራችን ከድር የሰፈራችን ልጅ ነው፤ አቃቂ በሰቃ ያደገ፣ ምላሱ ከመኪናው የሚፈጥን። ፍየሏን ይዤ ስመጣ ሻዩን አስቀመጠ። «ፋዘር፣ አራዊቱን ልናይ ነው ወይስ ልናበላ?» አለኝ። ቢሆንም ሽማግሌ ይከበራል፤ እግሯን አስሮ ፖርቶ መጋላው ላይ ከመለዋወጫ ጎማው ጎን አጋደማት። ስንነሳ ከላይ «ሜኤኤ!» አለች። ሜዳው ሁሉ ሰማት። ከዚያ በኋላም ዝም ያለችበትን ቦታ አላስታውስም።

እዚህ ላይ እኛ ማን እንደሆንን ልናገር። ስድስት ጡረተኞች ነን፤ በአንድ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ፈትል ክፍል ውስጥ አብረን ያረጀን። ይዛን የሄደችው ሊዲያ ናት፤ እዚያው ሰፈራችን አድጋ፣ ተምራ፣ አስጎብኚ የሆነች። ሚሌኒየሙን አክብረን ብዙም ሳንቆይ ነው፤ የጅቡቲው ባቡር ወደ አቃቂ መምጣት ትቶ ሐዲዱ ላይ ልጆች ኳስ የሚጫወቱበት ጊዜ። «እናንተን ሳላስጎበኝ ፈረንጅ ባስጎበኝ ምን ዋጋ አለው?» ብላ ነው አንድ እሑድ የጫነችን።

ስድስታችንም ሱፍ ለብሰን ነው የመጣነው፤ ወንዶቹ ከነክራቫታችን። ሊዲያ በር ላይ ስታየን አፏን በእጇ ያዘች። ምን እናድርግ? ዕድሜያችንን ሙሉ ፋብሪካ ውስጥ ተሰልፈን ስንጎበኝ ነው የኖርነው። ሚኒስትር ሲመጣ እንጎበኛለን፣ የውጭ እንግዳ ሲመጣ እንጎበኛለን፤ ከመምጣታቸው በፊት ወለሉን እናጥባለን፣ ሲመጡ እናጨበጭባለን። ከእነዚያ ሁሉ ጎብኚዎች መካከል ክራቫት ያላሰረ አላየንም። ታዲያ ተራው ለእኛ ሲደርስ በሸሚዝ እንሂድ?

ከስድስታችን ግን በእርግጥ ጉዳይ ኖሯት የመጣችው አንዲት ሰው ናት፤ ዘነበች። ጎረቤቴ ናት፤ በመካከላችን ያለው የቆርቆሮ አጥር ብቻ ነው። ባለቤቷ ነፍሱን ይማረውና የባቡሩ ኮንትሮለር ነበር። ከድሬዳዋ በተመለሰ ቁጥር ስለ ሳላ ያወራላት ነበር። ሳላ ማለት ያቺ አመድማ፣ ፊቷ ላይ ጥቁር መስመር ያላት፣ ቀንዷ እንደ ጦር የረዘመ የበረሃ አውሬ ናት። «ከጎን ስታያት ቀንዷ አንድ ነው፤ ዘወር ስትል ሁለት ይሆናል» ይላት ነበር። እሷም «ሂድ ወዲያ! በቀንድ ላይ ቀንድ የሚበቅልላት ጠንቋይ ናት?» ትለዋለች። «እወስድሽና በዓይንሽ ታያለሽ» ይላታል። ዘንድሮ፣ ለከርሞ፣ ዘንድሮ፣ ለከርሞ ሲባል እሱም ሞተ፣ ባቡሩም ቆመ።

አሁን ደግሞ የዘነበች ዓይን እየሄደ ነው። ሐኪሙ ግፊት ነው ብሏታል፤ ከዳር ከዳር እየበላ ወደ መሐል ይመጣል፣ የሄደው አይመለስም። «በቁልፍ ቀዳዳ እንደ ማየት ነው» ትላለች። ሊዲያ አዋሽ እንሂድ ስትል ቀድማ እጇን ያወጣች እሷ ናት። «ያ ሰውዬ ውሸታም ይሁን እውነተኛ ሳላውቅ ዓይኔ አይዘጋም» አለች። ሊዲያም ማታውኑ በየቤታችን ደውላ አስጠንቅቃን ነበር። «ፀሐይ ሳትከር መድረስ አለብን። ከከረረች ሳላዎቹ ሜዳውን ለቀው ጥላ ይገባሉ፤ ያኔ እትዬ ዘነበችን ምን እንደማሳያት አላውቅም።»

ይህን ሁሉ እያወቅኩ ነው ፍየል ለመግዛት መኪና ያስቆምኩት።

ፓርኩ በር ስንደርስ ጠባቂው ከዳሱ ወጣ። ቀጭን፣ ረጅም፣ ጠመንጃውን እንደ ከዘራ የያዘ ሰው ነው። ከላይ «ሜኤኤ!» ስትል ቀና አለ። ለረጅም ጊዜ ቀና እንዳለ ቀረ።

«አባት፣ ያ ምንድን ነው?» አለኝ። የማን እንደሆነች እንዴት እንዳወቀ እንጃ፤ ጥፋተኛ ፊቱ ያስታውቃል።

«ፍየል ናት።»

«ፍየል መሆኗንማ አየሁ። የቤት እንስሳ ፓርክ ውስጥ አይገባም።»

«አትግጥም እኮ። ፖርቶ መጋላው ላይ ታስራለች። ከፈለግህ ለእሷም ቲኬት ቁረጥላት።»

ጠባቂው አልሳቀም። «አባት፣ የእኔ ሥራ ምን ይመስሎታል? ከጧት እስከ ማታ ፍየል ማባረር ነው። እዚህ ዙሪያ ያለው አርብቶ አደር ሁሉ ያውቀኛል። ዛሬ የእርሶን ባስገባ ነገ "ለአዲስ አበባ ፍየል የተፈቀደ ለእኔ ፍየል ለምን ይከለከላል?" ቢለኝ ምን እመልሳለሁ?»

እውነቱን ነው። ሕግ ማለት እንዲህ በረሃ መሐል ብቻውን ቆሞ ለፍየል ሁሉ አንድ ቃል የሚናገር ሰው ከሆነ፣ እኔ በበኩሌ ወደድኩት። ቅዝምዝም ወዲህ፣ ፍየል ወዲያ ሲባል እሰማ ነበር፤ የእኔ ባሰ። ፍየሏም ወዲህ፣ ቅዝምዝሙም ወዲህ፣ ሁለቱም በእኔው ራስ ላይ!

መኪናው ውስጥ ወዲያውኑ ግምገማ ተጠራ። ያን ጊዜ ሁለት ሰው ከተገናኘ ግምገማ ነው። ስብሰባውን የመራው ተካ ነው፤ የፈትል ክፍል ካቦ የነበረ፣ እስካሁንም ጡረታ መውጣቱን ያልሰማ፣ ጢሙ ከእኛ ሁሉ ቀድሞ በር የሚገባ።

«ጓዶች» አለ «አንድ ግለሰብ የግል ጥቅሙን አስቀድሞ የጋራ ጉዟችንን አደናቅፏል። መጀመሪያ ግለ ሂስ ያድርግ።»

«ገዛሁ፣ ተሳሳትኩ፣ አይለመደኝም» አልኩ።

«ጥልቀት ይጎድለዋል» አለ ተካ።

«ታዲያ ከፍየሏ ጋር እዚሁ ይቅር» አለ አንዱ ከኋላ። እጅ ወጣ። የከድር እጅ ጭምር ወጣ፤ እሱማ ድምፅ የመስጠት መብት አልነበረውም።

ያልወጣው የዘነበች እጅ ነው። «እሱ ከቀረ እኔም እቀራለሁ» አለች። «ሜዳው ሰፊ ነው፤ ወዴት ማየት እንዳለብኝ ማን ይነግረኛል? አቃቂ ውስጥ ቦዩን፣ ድንጋዩን፣ ባጃጁን የሚነግረኝ እሱ ነው። ቢዋሽም ለምጄዋለሁ።»

ሊዲያ ሰዓቷን አየች፣ ፀሐይዋን አየች፤ ወርዳ ከጠባቂው ጋር ቆመች። ምን እንዳለችው አልሰማሁም። ሰውዬው ግን ራሱን ዝቅ አድርጎ በመስኮቱ ወደ ዘነበች ተመለከተ። እሷ ወደ እሱ ለማየት አንገቷን ወዲያና ወዲህ ስታመላልስ፣ ስታጣው፣ ስታገኘው አየ። ከዚያ ወደ ፖርቶ መጋላው ወጥቶ ፍየሏን በገዛ እጁ አወረዳት። ከበሩ ውጪ ያለ ግራር ላይ አሰራት።

«ከበሩ ውጪ ያለ ፍየል አይመለከተኝም» አለ። «ግን ዓይን ስላለኝ ልትታየኝ ትችላለች። ሂዱ፣ ፀሐይ ቀደመቻችሁ።»

የፍየሏን ነገር እዚሁ ጨርሼ ከጫንቃዬ ላውርዳት። ማታ ስንመለስ የጠባቂውን የሣር መጥረጊያ ግማሹን በልታ በሰላም ጠበቀችን። ሰውዬው ምስጋናም ምንም አልፈለገም፤ «ብቻ ለከርሞ ሲመለሱ ይግዙ» አለኝ። ለፋሲካ ታረደች። ሥጋዋ ጠንካራ ነበር። ሚስቴ አስካለ «የበረሃ ፍየል ስለሆነች ነው» አለች፤ እኔ ግን እስከ መጨረሻው ተቀይማኝ ነው ባይ ነኝ።

ወደ ውስጥ ገባን።

እኔ አቃቂ ነው ያረጀሁት። ዓይኔ የለመደው የጭስ ማውጫ፣ መጋዘን፣ የቆመ የጭነት መኪና፣ ሰማዩን በአራት የከፈለ የኤሌክትሪክ ሽቦ ነው። እዚያ ግን ሰማዩ አንድ ወጥ ነው፤ ሸማኔው ሳያቋርጥ የሠራው። ሜዳው ሣሩ ደርቆ ወርቅ መስሎ ተዘርግቷል፤ ከወዲያ ፈንታሌ ተራራ አፉን ወደ ላይ ከፍቶ እንደ ጎድጓዳ ሳህን ቁጭ ብሏል። ግራሩ አጭር ነው፤ ጥላው ግን አይሰስትም። አንዲት ከርከሮ ጅራቷን እንደ አንቴና አቁማ፣ ልጆቿን አስከትላ፣ ሰዓት እንዳለፈባት ሠራተኛ በፊታችን ሮጠች። ወንዶቹ ክራቫታችንን ፈታን። ተካ ብቻ አልፈታም።

ሊዲያን እዚያ ነው ያወቅኳት። ሰፈር ውስጥ ዳቦ ስትገዛ የማያት ልጅ፣ አፈር ላይ ያለውን ዳና አይታ ማን እንዳለፈ፣ ወዴት እንዳለፈ፣ ተጣድፎ ይሁን ተዝናንቶ ትናገራለች። ኢላላ ሳላ ሜዳ ስንደርስ ከድርን በእጇ አስቆመችው። ሩቅ፣ ከሙቀቱ ጭጋግ ውስጥ፣ አመድማ ነገሮች ይንቀሳቀሳሉ።

«እነሱ ናቸው» አለች በሹክሹክታ። «ቀስ እያልን እንጠጋ። እባካችሁ፣ በሹክሹክታ ብቻ።»

እዚህ ላይ አንድ ነገር ያልታሰበበት ነበር። እኛ የፈትል ክፍል ሰዎች ነን። ሠላሳ ዓመት ሙሉ በማሽን ጩኸት ውስጥ ስንነጋገር የኖርን ሰዎች ሹክሹክታ ከየት እናመጣለን? የእኛ ሹክሹክታ የሌላው ሰው እሪታ ነው።

«የት አሉ?» ብሎ ተካ አንሾካሾከ።

ሳላዎቹ ቀና አሉ።

«ዝም በል እንጂ!» ብዬ አንሾካሾክኩ።

ሳላዎቹ ሄዱ። አቧራ ብቻ ቀረ።

«በሹክሹክታችሁ እኮ መተሐራ ሰምቷል» አለ ከድር።

ዘነበች በዚያች የቁልፍ ቀዳዳዋ አቧራውን ታገኛለች፣ ታጣለች። «አለፉ?» አለች። እኔ በዚያች ደቂቃ ከፍየሏ ጋር ብቀር ይሻለኝ ነበር።

ሊዲያ ተስፋ አልቆረጠችም። «አንድ ቦታ አውቃለሁ» አለች። «በዚህ ሙቀት ከሜዳው ወደ ጥላው የሚሻገሩበት። መኪናውን አጥፍተን ግራር ሥር እንጠብቃለን። ግን አንድ ድምፅ ከወጣ ለዛሬ አበቃ። ማታ መንገዱ ሩቅ ነው።»

ሁላችንም ተያየን። አንድ ድምፅ! ከእኛ!

ያን ጊዜ ነው ዘነበች ሣቅ ያለችው። «አንተ ሰውዬ» አለችኝ «አፋችን ቢዘጋ እጃችን የለም እንዴ?»

ወይ ጉድ! እንዴት ረሳሁት? ፈትል ክፍል አፍ አይሰማም፤ እጅ ነው የሚናገረው። ክር ሲበጠስ ሁለት ጣትን እንደ መቀስ ትከፍታለህ። ክሩ ሲቀጠል አውራ ጣትና ሌባ ጣትን አጣብቀህ ታሻለህ። ካቦ ሲመጣ ደግሞ ጢምህን ትጠመዝዛለህ፤ ሴቶቹም ጢም ባይኖራቸው ቦታውን ይጠመዝዛሉ።

ለሊዲያ ይህን ስናስረዳ ተካ ፊቱ ቀስ እያለ ተለወጠ። «ለካ ያ... እኔ ነበርኩ?» አለ። «ሠላሳ ዓመት ሙሉ ጢማችሁን ስትነካኩ ጥጡ እያሳከካችሁ ይመስለኝ ነበር! እንዲያውም ማስክ እንዲገዛላችሁ ጠይቄያለሁ!»

«ተገዝቶልናል» አለች ዘነበች። «እግዜር ይስጥልን።»

እንዲህ ሆነና ግራሩ ሥር ጠበቅን። ሞተሩ ጠፋ። ዝም አልን። እኔ በሕይወቴ እንዲህ ያለ ዝምታ ሰምቼ አላውቅም። መጀመሪያ ጆሮዬ ውስጥ ማሽኑ ነበረ፤ ቀስ እያለ እሱም ቆመ። ንፋሱ ሣሩን ሲያበጥር ተሰማኝ። የአንድ ወፍ ክንፍ ተሰማኝ። ሙቀቱ ራሱ ድምፅ ያለው ይመስል ነበር። ላብ በጀርባዬ ወርዶ ሱሪዬ ውስጥ ገባ፤ አልተነቃነቅሁም። ስድስት ወሬኛ ሽማግሌና አሮጊት እንደ ቤተ ክርስቲያን ሥዕል ደርቀን ተቀመጥን።

ከዚያ ተካ ጢሙን ጠመዘዘ። ካቦ መጣ!

የዘነበችን ክንድ ያዝኩ። በየት በኩል እንደሆነ በጣቴ ባሳያት ጣቴን አታየውም። በሁለት እጄ ጉንጮቿን ይዤ ራሷን ቀስ ብዬ አዞርኩት። የድሮ ቴሌቪዥን አንቴና ታስታውሳላችሁ አይደል? አንዱ ጣራ ላይ ወጥቶ ብረቱን እያዞረ «መጣ?» ይላል፣ ሌላው ከቤት ሆኖ «መጣ! ሄደ! ትንሽ መለስ!» ይላል። ልክ እንደዚያ። ወደ ቀኝ አዞርኳት፤ ሁለት ጣቷን እንደ መቀስ ከፈተች፤ የለም። ትንሽ ዝቅ አደረግኳት፤ መቀስ። ትንሽ ወደ ግራ መለስኳት፤ መቀስ። እንደ ገና ቅንጣት ያህል ወደ ላይ።

አውራ ጣቷና ሌባ ጣቷ ተጣበቁ። ክሩ ተቀጠለ።

ፊቷ ሲበራ አየሁት። ግንባሯ ላይ ያለው መጨማደድ ሁሉ እንደ ተተኮሰ ልብስ ለሰስ አለ። አፏ ተከፈተ። ትንፋሿን ያዘች። አንድ ጣቷን ቀጥ አድርጋ ወደ ላይ አቆመች፤ አንድ ቀንድ!

እኔ ምን አደረግሁ? የጣራው ሰውዬ ከአፌ ወጣ። በፈትል ክፍል ድምፄ፣ ባለ በሌለ ኃይሌ፣ «መጣ?!» አልኩ።

ሜዳው አስተጋባ። ከድር ግንባሩን መሪው ላይ ደፋ። ሊዲያ ዓይኗን ጨፈነች። የሰኮና ድምፅ ነጎደ። እኔ ያኔውኑ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ አልጠላም ነበር።

ግን የዘነበች እጅ እዚያው አየር ላይ ነው። አንዱ ጣቷ አጠገብ ሌላው ጣት ቀስ ብሎ ቀና አለ። ሁለት።

«ዘወር አለች» አለች፤ ድምፅዋ እንደ ሕፃን ቀጥኖ። «አንተ ስትጮህ ወደ እኛ ዘወር አለች። አንድ ነበር፣ ሁለት ሆነ። ከነፊቷ፣ ከነጥቁሩ መስመር አየኋት።» ነጠላዋን ወደ ፊቷ ሳብ አደረገች። «ያ ሰውዬ እውነቱን ነው። እኔ ነኝ ስሙን ያጠፋሁት።»

ተካ ክራቫቱን ፈታ።

ከአዋሽ ፏፏቴ አጠገብ ቁጭ ብለን ሽሮና ጎመናችንን ስንበላ ወደ እኔ ዞረች። «እኔ ያየሁት አንዷን ብቻ ነው፤ ለእኔ ዓይን ሁለት አይገባም» አለች። «ሌሎቹስ? ስንት ነበሩ? ልጅ የያዘች ነበረች? እንዴት ነበር የሮጡት? በል ንገረኝ።»

አንድም ሳላ አላየሁማ! ተካ ጢሙን ከጠመዘዘ ጀምሮ ዓይኔ ከዘነበች ፊት አልተነሳም ነበር። ጀርባዬን ለሜዳው ሰጥቼ ነው ያሳለፍኩት።

«ቤት ስንደርስ በሰፊው እነግርሻለሁ» አልኳት።

ማታ በአጥሩ በኩል ጠራችኝ። «ብዙ ነበሩ» አልኳት፤ «እንደ ሠርገኛ ተሰልፈው...» ገና ሳልጨርስ «እየዋሸህ ነው» አለችኝ። «ዓይኔ ነው እንጂ ጆሮዬ ምን ሆነ?» ተካን ብጠይቀው ጩኸቴ አስደንግጦት ከወንበሩ ሥር ነበር። ከድር ግንባሩ መሪው ላይ ነበር። ሊዲያ ዓይኗን ጨፍና ነበር። ሌሎቹ ሦስቱም የዘነበችን ጣት ሲያዩ ነበር። ለዘነበች እውነቱን እንዳልነግራት ደግሞ አስካለ ከጎኔ ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች፤ «ታዲያ አንተ ወዴት ስታይ ነበር?» ብላ የምትጠይቀው ማን እንደሆነች የታወቀ ነው።

ሊዲያ «አባባ፣ ደግመን እንሂድና ይዩዋቸዋ» ትለኛለች። አይ ልጄ! ደግሜ ብሄድም የማየው ያንኑ ፊት ነው።

እስከ ዛሬ ማታ ማታ ከአጥሩ ወዲያ «ሌሎቹስ?» ትላለች ዘነበች። «ነገ» እላታለሁ።